ክሪፐርና አቀንጭራ፦ የጠላትን ሕግ ስለ ማንበብ

(በወልድያ ለተማሪዎች፣ ለመምህራንና ለከተማው ነዋሪዎች ከቀረበ የሕዝብ ንግግር የተገለበጠ ጽሑፍ)



የንግግሬ ርእስ በማስታወቂያ ሰሌዳው ላይ በተለጠፈ ጊዜ አንድ ባልደረባዬ «ይህን ሁሉ ሰው የምትሰበስበው ስለ ልጆች ጨዋታ ልትነግረው ነውን?» ሲል ጠየቀኝ። መልሴ «አዎን፣ ስለ ልጆች ጨዋታ ነው» የሚል ነበር። ነገር ግን በጨዋታው የምጀምር እንጂ በጨዋታው የምጨርስ አይደለሁም። የጉዞዬ መድረሻ እዚሁ ቅርባችን፣ ሀብሩ ወረዳ ውስጥ ያለ የማሽላ ማሳ ነው።

ነገሩ እንዲህ ጀመረ። ባለፈው ክረምት መርሳ እህቴ ቤት ሰንብቼ ነበር። የእህቴ ልጅ የ12 ዓመት ልጅ ነው፤ አሮጌውን ላፕቶፔን ሰጥቼው «ማይንክራፍት» የተባለውን ጨዋታ ይጫወታል። ሦስት ቀን ሙሉ ደክሞ በጨዋታው ዓለም ውስጥ አንድ የድንጋይ ቤት ሠራ፤ ጊራና አጠገብ ያለውን የአያቱን ቤት አስመስሎ ነው የሠራው፤ በረቱ ሳይቀር። በሦስተኛው ቀን ማታ ከበስተ ኋላው እንደ እባብ «ስስስ…» የሚል ድምፅ ተሰማ። ልጁ ምን እንደ ሆነ ለማየት ዞረ። በዞረበት ቅጽበት ፍንዳታው ግድግዳውንና በረቱን ይዞት ሄደ።

ልጁ ላፕቶፑን ከድኖ እንባ እየተናነቀው «አጎቴ፣ ይህ ፍጥረት ይጠላኛል። ሁልጊዜ የሚመጣው ከኋላዬ ነው። ከእንግዲህ አልጫወትም» አለኝ። አባቴ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ይሰማ ነበር። ፊቱን ሳያዞር «ይጠላኛል ካልክ በኋላ ሌላ ምኑን ታውቅለታለህ?» አለው።

ይህን ቃል ሳሰላስለው ከረምኩ። እኔ የኮምፒውተር ሳይንስ መምህር ነኝ፤ ፕሮግራማቸው አልሠራ ሲል «ኮምፒውተሩ ጠምዶ ያዘኝ» የሚሉ ተማሪዎች በየሴሚስተሩ ያጋጥሙኛል። ጠላትን «ይጠላኛል» ብሎ መሰየም ፍርሃትን ይገልጻል እንጂ ዕውቀትን አይጨምርም። የዛሬው ንግግሬ ከዚህ ተነሥቶ አንድ ነገር ብቻ ለማስረዳት ይሞክራል፦ ክፉ መስሎ የሚታየን ፍጥረት ብዙውን ጊዜ ለአንድ ምልክት ምላሽ የሚሰጥ ሕግ ነው፤ ምልክቱን ለይቶ ያወቀ ሰው ደግሞ ከፍጥረቱ ባይበረታም ያሸንፈዋል።

ጨዋታውና ፍጥረቱ

ማይንክራፍትን የጀመረው ማርከስ ፐርሰን የተባለ ስዊድናዊ ነው። እ.ኤ.አ. በ2009 ለሙከራ ቀረበ፤ በ2011 ሙሉ ሆኖ ወጣ፤ በ2014 ማይክሮሶፍት የጨዋታውን ባለቤት ሞያንግን በ2.5 ቢሊዮን ዶላር ገዛ። እስከ 2023 ድረስ ከ300 ሚሊዮን ቅጂ በላይ ተሸጧል። የጨዋታው ዓለም በሙሉ የተገነባው በየአቅጣጫው አንድ ሜትር በሆኑ ኩቦች ነው፤ ተጫዋቾች «ብሎክ» ይሏቸዋል። አፈሩም፣ ድንጋዩም፣ ዛፉም ብሎክ ነው። ተጫዋቹ ይቆፍራል፣ ይሰበስባል፣ ይገነባል።

እንዲህ ያለውን ጨዋታ ፈረንጆቹ «ሳንድቦክስ» ይሉታል፤ ልጆች የሚጫወቱበት የአሸዋ ሳጥን እንደ ማለት ነው። እኛ በልጅነታችን በጭቃና በጠጠር ቤት ሠርተን፣ በቆርኪ ወጥ ሠርተን የተጫወትነው እቃቃ የዚሁ ዘመድ ነው። ማንም «ይህን አድርግ» ብሎ ግብ አያስቀምጥም፤ ግቡን የሚያወጣው ተጫዋቹ ራሱ ነው። ልዩነቱ በማይንክራፍት ውስጥ ሌሊት ሲመሽ ጠላት መምጣቱ ነው።

ከጠላቶቹ ሁሉ ስሙ የገነነው «ክሪፐር» ነው። አረንጓዴ ነው፤ እጅ የለውም፤ በአራት አጫጭር እግሮች ይሄዳል፤ አፉ ወደ ታች የተቆለመመ፣ ያዘነ የሚመስል ነው። አወላለዱም ያስገርማል፦ ፐርሰን አሳማ ሊሠራ ሲሞክር በስሕተት ርዝመቱንና ቁመቱን አለዋወጠ፤ ቆሞ የሚሄድ ጉድ ወጣ፤ ያንኑ ጠላት አደረገው። ዞምቢውና አጽሙ ፀሐይ ስትወጣ ይቃጠላሉ፤ ክሪፐር ግን አይቃጠልም። ሌሊት የተፈጠረው ክሪፐር ጠዋት ከዛፍ ሥር ቆሞ ይጠብቃል። ሲራመድ ድምፅ የለውም ማለት ይቻላል። ጥሩር ያልለበሰን ሰው ከቅርብ ከፈነዳበት ይገድለዋል፤ ከሁሉ በላይ ደግሞ የተሠራውን ያፈርሳል። ልጆች የሚፈሩት ለሕይወታቸው አይደለም፤ ሕይወት በጨዋታው ውስጥ ትመለሳለች። የሚፈሩት ለድካማቸው ነው።

ጥላቻ የሌለበት ጠላት

ክሪፐር በእርግጥ ልጁን ይጠላዋልን? ቫለንቲኖ ብራይተንበርግ የተባለ የአእምሮ ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1984 ባሳተመው መጽሐፍ ውስጥ እጅግ ቀላል ተሽከርካሪዎችን በሐሳቡ ሠርቶ አሳይቷል። እያንዳንዳቸው ብርሃን የሚለዩ ሁለት መሣሪያዎችና ጎማ የሚያዞሩ ሁለት ሞተሮች ብቻ አሏቸው። ሽቦው ቀኝን ከቀኝ፣ ግራን ከግራ ሲያገናኝ ተሽከርካሪው ከብርሃኑ ይሸሻል፤ ሲያመሳቅል ደግሞ ወደ ብርሃኑ እየፈጠነ ይወረወራል። ተመልካች የመጀመሪያውን «ፈሪ»፣ ሁለተኛውን «ቁጡ» ይለዋል። በውስጣቸው ግን ፍርሃትም ቁጣም የለም፤ ያለው ሽቦ ነው።

ክሪፐርም እንዲሁ ነው። ሐሳቡ በኮምፒውተር ሳይንስ «የሁኔታዎች ማሽን» በምንለው ሊገለጽ ይችላል። ይህ ማሽን በአንድ ጊዜ በአንድ ሁኔታ ውስጥ ብቻ ይገኛል፤ ከአንዱ ሁኔታ ወደ ሌላው የሚያሻግረው አንድ የታወቀ ምልክት ነው። የክሪፐር ሁኔታዎች አራት ናቸው፦ መንከራተት፣ መከተል፣ ማበጥና መፈንዳት። አሁን የምጠቅሳቸው ቁጥሮች የኮምፒውተሩ የጃቫ ቅጂ ናቸው፤ በስልክ የምትጫወቱት ቅጂ ቁጥሮቹ ጥቂት ይለያሉ፤ ሕጉ ግን አንድ ነው።

ሰው በ16 ብሎክ ክልል ውስጥ ከታየው መንከራተቱን ትቶ ይከተላል። ርቀቱ ከ3 ብሎክ ሲያንስ ቆም ይላል፤ ያን የእባብ ድምፅ ያሰማል፤ ማበጥ ይጀምራል። የጨዋታው ሰዓት በአንድ ሴኮንድ 20 ጊዜ ይመታል፤ ክሪፐር 30 ምት ሲሞላው ማለትም ከ1.5 ሴኮንድ በኋላ ይፈነዳል። በዚህ መካከል ግን በየምቱ ሁለት ጥያቄ ይጠይቃል፦ ሰውየው ከ7 ብሎክ በላይ ርቋልን? ሰውየው ከዓይኔ ተሰውሯልን? ከሁለቱ ለአንዱ እንኳ መልሱ «አዎን» ከሆነ ቆጠራው ወደ ኋላ ይመለሳል፤ ፍጥረቱም ይሟሽሻል።

እነዚህን ቁጥሮች ከልጁ ጋር ሆነን ለመፈተን ሞከርን። በሜዳው ላይ በየአንድ ብሎኩ ቀይና ነጭ ምልክት አስቀመጥን። እርሱ ይቀርባል፤ እኔ እቆጥራለሁ። መጀመሪያ ላይ ደጋግሞ ሞተ። ነገር ግን ያን ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ሲሞት አልተናደደም፤ «ስንት ነበር?» ብሎ ጠየቀኝ።

የአንድ ሴኮንድ ተኩል ሂሳብ

እስኪ አብረን እናስላ። ድምፁ ሲሰማ ተጫዋቹ በ3 ብሎክ ርቀት ላይ ነው፤ ለመዳን 7 ብሎክ መድረስ አለበት፤ ስለዚህ 4 ብሎክ ይቀረዋል። ተጫዋች ሳይሮጥ ሲራመድ በሴኮንድ 4.3 ብሎክ ያህል ይሄዳል። 4 ብሎክ ለመሄድ ከ1 ሴኮንድ ያነሰ ጊዜ ይበቃዋል። ክሪፐሩ ደግሞ በሚያብጥበት ጊዜ ቆሞ ነው እንጂ አይከተልም። እንግዲህ ከግማሽ ሴኮንድ በላይ ትርፍ ጊዜ አለ። ሰው ድምፅ ሰምቶ ለመንቀሳቀስ የሚፈጅበት ጊዜ ከሴኮንድ አንድ አምስተኛ ብዙም አይበልጥም። መሮጥ እንኳ አያስፈልግም፤ መራመድ ይበቃል።

ታዲያ ሰው ለምን ይሞታል? የእህቴ ልጅ የሞተው ስለ ዞረ ነው። ድምፁን ሲሰማ በደመ ነፍስ «ምንድን ነው?» ብሎ ወደ ኋላው ያያል፤ ያ የማየት ጊዜ ትርፉን ይበላዋል። ሕጉን ያወቀ ሰው ማየት አያስፈልገውም። ድምፁ ራሱ «ከኋላህ በ3 ብሎክ ውስጥ አለሁ፤ 1.5 ሴኮንድ አለህ» የሚል መልእክት ነው። ስለዚህ ወደ ፊት ይሄዳል። ዕውቀት እዚህ ላይ ያመጣው ለውጥ ጉልበት አይደለም፤ የድምፁን ትርጉም ነው።

ሦስት የማሸነፊያ መንገዶች

ከዚህ ሕግ ሦስት መንገዶች ይወጣሉ። ሦስቱንም በኋላ በማሳው ላይ ስለምናገኛቸው ልብ ብላችሁ ያዙልኝ።

የመጀመሪያው እንዳይፈጠር ማድረግ ነው። ክሪፐር የሚፈጠረው በጨለማ ቦታ ነው። ቀድሞ የብርሃን መጠኑ 7ና ከዚያ በታች በሆነበት ስፍራ ሁሉ ይፈጠር ነበር፤ እ.ኤ.አ. በኅዳር 2021 በወጣው እትም ግን የችቦና የመሰል ነገሮች ብርሃን ፈጽሞ በሌለበት ቦታ ብቻ እንዲሆን ተደረገ። ያን ጊዜ እኛ ወልድያ ውስጥ ጦርነት ላይ ነበርን፤ መብራትም ኔትወርክም አልነበረም፤ ስለዚህ ለውጡን የሰማነው ዘግይተን ነው። አንድ ችቦ 14 የብርሃን መጠን ይሰጣል፤ በየብሎኩ አንድ አንድ እየቀነሰ ይሄዳል። በቤቱ ዙሪያ ችቦ በሥርዓት የተከለ ሰው በዚያ ክልል ውስጥ ጠላት አይወለድበትም።

ሁለተኛው ምልክቱን መንፈግ ነው። ክሪፐር የሚያብጠው የሚያየውን ሰው ነው። በመካከል አንድ ግድግዳ ከገባ፣ ሰውየው ከአንድ ዓምድ ጀርባ ከቆመ ቆጠራው ይመለሳል። ጠላቱ እዚያው ነው፤ ጉልበቱም አልቀነሰም፤ የሚጠብቀው ምልክት ግን አልደረሰውም።

ሦስተኛው ምልክቱን ሆን ብሎ በባዶ ቦታ መስጠት ነው። የክሪፐር ፍንዳታ ሰውን የሚጎዳው እስከ 6 ብሎክ ድረስ ነው፤ ማበጡን የሚያቆመው ግን ከ7 ብሎክ በኋላ ነው። በ6ና በ7 መካከል የአንድ ብሎክ ክፍተት አለች። ተጫዋቹ ቀርቦ ያነሣሣዋል፤ ከዚያም እየታየው ወደዚያች ክፍተት ይመለሳል። ክሪፐር ሕጉን ጠብቆ ይፈነዳል፤ ማንንም ሳይነካ ራሱን ያጠፋል። የእህቴ ልጅ ይህችን ክፍተት ሲያገኝ ከመቀመጫው ዘለለ። «ራሱን በራሱ!» አለ።

አባቴ ይህን ሲሰማ ነበር አቀንጭራን ያነሣው።

ከጨዋታው ወደ ማሳው

አሥር ዓመት ሳይሞላኝ ነው። በማሽላችን መካከል ሐምራዊ አበባ አየሁ፤ ቆንጆ ነበር። ቀጥፌ ለእናቴ ወሰድኩላት። አባቴ በእጄ ያለውን ሲያይ ፊቱ ጠቆረ፤ ምንም አልተናገረኝም፤ ተነሥቶ ወደ ማሳው ሄደ። በዚያ ዓመት የበላነው ከገበያ በተገዛ እህል ነው። ለእህሉም አንድ በሬ ተሸጠ።

አቀንጭራ የራሱ ሥር አፈር ውስጥ ገብቶ ራሱን ችሎ የሚኖር ተራ አረም አይደለም። በማሽላው ሥር ላይ ተጣብቆ ውኃውንና ምግቡን የሚጠባ ጥገኛ ተክል ነው። ከሁሉ የሚከፋው ጉዳቱን በአብዛኛው የሚያደርሰው ከአፈር በላይ ከመታየቱ በፊት መሆኑ ነው። አበባው ሲታይ ፍንዳታው አልፏል።

የአቀንጭራንም ሁኔታዎች እንደ ክሪፐር እንቁጠራቸው። ዘሩ እንደ አቧራ የደቀቀ ነው፤ ከአንድ ተክል በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ዘር ይወጣል፤ አፈር ውስጥ ከ10 ዓመት በላይ ተኝቶ ሊቆይ ይችላል። ይህ የመጀመሪያው ሁኔታ ነው። ሁለተኛው፣ ዝናብ ዘንቦ አፈሩ ርሶና ሞቆ አንድና ሁለት ሳምንት ሲቆይ ዘሩ ለመስማት ይዘጋጃል። ግን አሁንም አይበቅልም። ሦስተኛው ሁኔታ የሚመጣው ከማሽላ ሥር የሚወጣ አንድ ንጥረ ነገር ሲደርሰው ነው። ያን ጊዜ ይበቅላል። ከበቀለ በኋላ የያዘው ስንቅ ለጥቂት ቀናት ብቻ ነው፤ በእነዚያ ቀናት ውስጥ ሥር ካላገኘ ይሞታል። ስለዚህ በጥቂት ሚሊሜትር ርቀት ውስጥ ማሽላ እንዳለ ሳያረጋግጥ አይነሣም።

ይህ ንጥረ ነገር «ስትሪጎላክቶን» ይባላል። የመጀመሪያው ዓይነት እ.ኤ.አ. በ1966 ከጥጥ ሥር ተለይቶ ታወቀ። ተመራማሪዎችን ለረጅም ዘመን ያስጨነቀው ጥያቄ ግን ሌላ ነበር፦ ተክል ጠላቱን የሚጠራ ምልክት ስለ ምን ያወጣል? መልሱ በ2005 በጃፓን ተመራማሪዎች ተገኘ። ምልክቱ የታሰበው ለጠላት አልነበረም። ፎስፈረስ አፈላልገው ለተክሉ የሚያቀብሉትን ወዳጅ ፈንገሶች መጥሪያ ነው። አቀንጭራ ለወዳጅ የተላከውን ጥሪ ሾልኮ የሚሰማ ነው። ደግሞም አፈሩ በፎስፈረስ ሲደኸይ ተክሉ ይህን ጥሪ አብዝቶ ያወጣል። የተራበ ማሽላ አጥብቆ ይጣራል፤ አጥብቆ ሲጣራ ጠላቱም ይሰማዋል።

አባቴ ኬሚስትሪ አልተማረም። «አቀንጭራ የከሳ መሬት ይወዳል፤ ፍግ የጠገበ ጓሮ ውስጥ አታየውም» ይል ነበር። በላብራቶሪ የተገኘውን ከፊሉን እርሱ በጓሮው አጥር ዳር አይቶት ነበር ማለት ነው።

ገቢሳ እጀታና ስሪንቃ

ሁለተኛውን መንገድ፣ ምልክቱን የመንፈግን መንገድ፣ በማሽላ ላይ ከሠሩት መካከል ቀዳሚው ኢትዮጵያዊው ፕሮፌሰር ገቢሳ እጀታ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1950 ወሎንኮሚ ተወለዱ፤ ዓለማያ ተማሩ፤ ከዚያም በአሜሪካ ፐርዱ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪ ሆኑ። እርሳቸውና ባልደረቦቻቸው ያደረጉት በመሠረቱ እኔና የእህቴ ልጅ በቀይና በነጭ ምልክት ካደረግነው የራቀ አይደለም፦ ርቀት ለኩ። የአቀንጭራ ዘር በተበተነበት ግልጽ ዝልግልግ ነገር ውስጥ የማሽላ ቡቃያ አኖሩ፤ ከሥሩ ምን ያህል ርቆ ያለ ዘር እንደሚበቅል አዩ። ከአንዳንዱ ማሽላ ራቅ ያለው ዘር ሁሉ ይበቅላል፤ ከአንዳንዱ ግን አጠገቡ ያለው እንኳ አይነቃም። ያን ዝም ያለ ማሽላ መርጠው ምርት ከሚሰጥ ጋር አዳቀሉት። ለዚህ ሥራቸው በ2009 የዓለም የምግብ ሽልማትን ተቀበሉ። በ2017 የታተመ ጥናት ደግሞ ጉዳዩን ይበልጥ አብራራው፦ በተቋቋሚው ማሽላ ጥሪው ጨርሶ አልጠፋም፤ አቀንጭራ በማይነቃበት ዓይነት ተለወጠ እንጂ።

ይህ ሥራ በሩቅ አገር አልቀረም። ከመርሳ ወደ ወልድያ ስትመጡ በምታልፏት በስሪንቃ የግብርና ምርምር ማዕከል አለ። «ጎብዬ»ና «አብሽር» የተባሉት ተቋቋሚ የማሽላ ዝርያዎች እ.ኤ.አ. በ2000 አካባቢ ለአገራችን ገበሬ ቀረቡ፤ «ብርሃን»ና «ሆርማት» ተከተሉ፤ በእነዚህ ውስጥ የስሪንቃ እጅ አለበት። በዚህ አዳራሽ ያላችሁ የመርሳ ተማሪዎች በየቀኑ የምታልፉት በር የዚህ ታሪክ አካል ነው።

ሦስተኛው መንገድ፣ በባዶ ቦታ ማስፈንዳትም በማሳ ላይ አለ። ጥጥና ሰሊጥን የመሰሉ ሰብሎች የአቀንጭራን ዘር ያነቁታል፤ ነገር ግን አይጠባቸውም። ዘሩ ነቅቶ፣ የሚጣበቅበት አጥቶ፣ በጥቂት ቀናት ውስጥ ይሞታል። አሜሪካኖች የአቀንጭራ ዘመድ የሆነ ጥገኛ በ1956 በካሮላይና ግዛቶች ሲገኝባቸው ኤትሊን የተባለ ጋዝ ወደ አፈር እየከተቱ ዘሩን ያለ ጊዜው አነቁት። «ራሱን በራሱ!» የሚለው የእህቴ ልጅ ቃል እዚህም ይሠራል።

የመጀመሪያው መንገድ፣ እንዳይፈጠር ማድረግ፣ ከሁሉ አድካሚው ነው፦ ዘር ከማፍራቱ በፊት መንቀል። አንድ ግንድ አበባ ሳያፈራ የነቀለ ሰው በአሥር ሺዎች ለሚቆጠሩ ዘሮች በር ዘጋ ማለት ነው። ለዘንድሮው ማሽላ አይጠቅም ይሆናል፤ ለልጅ ልጅ ማሳ ግን ይጠቅማል።

ንጽጽሩ የሚያቆምበት ቦታ

ምሳሌ ሁሉ ወሰን አለው። ክሪፐርን ሰው ጻፈው፤ ሕጉን ማንበብ የፈለገ ያነበዋል። አቀንጭራን ማንም አልጻፈልንም፤ ሕጉን በዘመናት ሙከራ መፈልቀቅ ግድ ነበር። ክሪፐር ሁሉ አንድ ነው፤ የአቀንጭራ ዘር ግን እርስ በርሱ ይለያያል። አንዱ ለማይሰማው ጥሪ ሌላው ሊነቃ ይችላል። ስለዚህ ዝርያ ብቻውን አያድንም፤ ፍጉ፣ ሰብል ማፈራረቁና ነቀላው አብረው መሄድ አለባቸው።

ሌላም አለ። ተቋቋሚዎቹ ዝርያዎች በአብዛኛው አጫጭርና ቶሎ የሚደርሱ ናቸው። የሀብሩ ገበሬ ግን ከማሽላው የሚፈልገው ፍሬውን ብቻ አይደለም፤ አገዳው ለከብቱ መኖ፣ ለምድጃው ማገዶ፣ ለግቢው አጥር ነው። ቀድሞ የደረሰ ማሽላ ደግሞ የአካባቢው ወፍ ሁሉ የሚሰበሰብበት ማዕድ ይሆናል። ዝርያው ግሩም ሆኖ ሳለ «ገበሬው ለምን አልተቀበለውም?» ብለን «ግትር ነው» ካልን ልጁ ክሪፐርን «ይጠላኛል» ካለው አልተሻልንም። የገበሬውም ውሳኔ ሕግ አለው፤ ተመራማሪ ያንንም ማንበብ ይገባዋል።

መዝጊያ

የእህቴ ልጅ ቤቱን እንደ ገና ሠራው። በዙሪያው ችቦ ተከለ። ከመርሳ በምመለስበት ዋዜማ አጠገቡ ተቀምጬ ሳለሁ ያ ድምፅ ከኋላው ተሰማ። አልዞረም። ወደ ፊት አራት ብሎክ ተራመደ፤ ቆመ፤ ዞሮም የሚሟሽሸውን ፍጥረት ረጋ ብሎ ተመለከተው። ከዚያ ወደ እኔ ዘንበል ብሎ «አጎቴ፣ አይጠላኝም ለካ። አያውቀኝምም» አለኝ።

አባቴ በማግሥቱ ጠዋት ልጁን ይዞት ወደ ማሳው ወረደ። አቀንጭራው ገና አላበበም ነበር።



ከአድማጮች ከቀረቡት ጥያቄዎች

አንድ ተማሪ፦ «መምህር፣ እየተማረ የሚለወጥ ጠላት ቢሆንስ? ዛሬ ከተጫዋቹ የሚማሩ ፕሮግራሞች አሉ።»

መልስ፦ ጥሩ ጥያቄ ነው። የሚማር ጠላትም የሚማረው ከምልክት ነው። ስለዚህ ጥያቄው አይለወጥም፤ «ምን ያያል?» «በምን ይሸለማል?» ብለን እንጠይቃለን። የሚለወጠው መልሱ ነው፤ አንዴ አግኝተነው የምናርፍበት አይሆንም። አቀንጭራም በትውልዱ ይለወጣል፤ ለዚህ ነው የስሪንቃ ሥራ አንድ ዝርያ አውጥቶ የማያበቃው።

አንዲት የግብርና ተማሪ፦ «እኛ ከኮምፒውተር ክፍል ጋር ሆነን ምን ልንሠራ እንችላለን?»

መልስ፦ በቁጥር መጀመር እንችላለን። አንድ ማሳ ውስጥ ያለ የዘር ክምችት በየዓመቱ ምን ያህል እንደሚጨምር፣ በነቀላ ምን ያህል እንደሚቀንስ፣ ማሽላው በሰሊጥ ሲፈራረቅ ምን እንደሚሆን የሚያሰላ አነስተኛ ፕሮግራም የሦስተኛ ዓመት ተማሪ ሊጽፍ ይችላል። ግን መጀመሪያ ቁጥሩ ከማሳ መምጣት አለበት። እናንተ ቁጠሩልን፤ እኛ እንጻፍላችሁ። ሳትቆጥሩ በፊት ደግሞ በየቀበሌው ያሉትን አባቶችና እናቶች ጠይቁ፤ ብዙውን ቀድመው አይተውታል።